ፎቶ ያልተነሣ ቤተሰብ፦ የሬአ ታጂሪ ሥራ እና ጅማ ላይ የጀመርኩት ፊልም

የሕርማታ ልጅ (ውይይቱን የጀመረች)

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። ጽሑፌ ይረዝማል፤ ቡናችሁን ይዛችሁ አንብቡኝ።

ሬአ ታጂሪ የተባለችውን ፊልም ሠሪ ያያችሁ ካላችሁ ደስ ይለኛል፣ ካላያችሁም እነግራችኋለሁ። ቺካጎ የተወለደች አሜሪካዊት ናት፤ ዘሯ ከጃፓን ነው። እ.ኤ.አ. በ1991 «ሂስትሪ ኤንድ ሜመሪ» የተባለ 32 ደቂቃ የሚፈጅ ፊልም ሠራች። እኛ ዘጋቢ ፊልም ስንል ከለመድነው ጋር አይመሳሰልም። አንድ ተራኪ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እጃችሁን ይዞ አይወስዳችሁም። ባዶ ስክሪን ላይ ጽሑፍ ይወርዳል፤ የሆሊውድ ፊልም ቁራጭ ይገባል፤ የመንግሥት የጦርነት ዘመን ዜና ይከተላል፤ ከዚያ የእናቷ ድምፅ ይመጣና ብዙውን ነገር እንደማታስታውስ ትናገራለች።

ነገሩ ይህ ነው። ጃፓን ፐርል ሃርበርን ከደበደበች በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በየካቲት 1942 ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት በፈረሙት ትእዛዝ ወደ 120,000 የሚጠጉ የጃፓን ዘር ያላቸው ሰዎች ከቤታቸው ተነሥተው ካምፕ ገቡ። ከሦስት ሁለቱ እጅ የዚያችው አገር ዜጎች ነበሩ። የታጂሪ ቤተሰብ አሪዞና በረሃ ውስጥ ፖስተን በሚባል ካምፕ ታሰረ። ካሜራ መያዝ ክልክል ነበር። እናቷ ስለዚያ ጊዜ ለልጆቿ አልነገረችም። ታጂሪ ግን ከልጅነቷ ጀምሮ ከየት እንደመጣ የማታውቀው አንድ ምስል ራሷ ውስጥ ነበር፦ በረሃ ውስጥ፣ ፀሐይ ላይ፣ አንዲት ሴት ከቧንቧ ኮዳ ውኃ ስትሞላ። ፊልሙ የዚህን ምስል ባለቤት ፍለጋ ነው። ፖስተን ድረስ ሄደች። በመጨረሻ ምስሉን ራሷ ቀርጻ ሠራችው፤ ለእናቷም ሰጠቻት።

ፊልሙ ውስጥ በዓለም ላይ የሆኑ ነገሮችን ትለያያቸዋለች። ካሜራ እያያቸው የሆኑ አሉ። ካሜራ ሳያያቸው ሆነው በኋላ ምስል እንዲኖረን ብለን ደግመን የምንሠራቸው አሉ። በቦታው የነበረ ሰው ራስ ውስጥ ብቻ የቀሩ አሉ። ከሙታን መንፈስ በቀር ማንም ያላያቸውም አሉ። ይህን ስሰማ ፊልሙን አቁሜ ወጥቼ በረንዳው ላይ ቆምኩ። የኛ ቤት ታሪክ ሦስተኛውና አራተኛው ውስጥ ነው ያለው።

አያቴ ሕርማታ አካባቢ ነው ዕድሜዋን የኖረችው። ጅማ የከፋ ክፍለ ሀገር ዋና ከተማ በነበረችበት ጊዜ፣ በ1970 ዓ.ም. የእናቴ ታላቅ ወንድም ተያዘ። አሰሳ ይመጣል ተብሎ ቤት ውስጥ ያለው ወረቀት ሁሉ ምድጃ ገባ፤ መጽሐፉ፣ ደብዳቤው፣ የትምህርት ቤት ፎቶው። እናቱ ናት በእጇ ያቃጠለችው፣ ሊያድነው ይችላል ብላ። እሱ አልተመለሰም። አንድም ፎቶ የለውም። ያለን ነገር አያቴ ወደ ታሰረበት ስንቅ ያመላለሰችበት አገልግል ነው፤ ቆዳው ደርቆ ተሰነጣጥቋል፣ ጓዳ ተሰቅሏል። አሁን አያቴ የመርሳት ሕመም ይዟታል። አንዳንድ ቀን ከሰዓት በኋላ ተነሥታ «የልጁ ስንቅ ሄደ?» ትላለች።

ሥራው ተጀምሯል። ቀረጻው በስልክና በአንዲት አሮጌ ካሜራ ነው። ሐሳቤን የማስረዳችሁ እንድትሞግቱኝ ነው፦ ፎቶ በሌለበት ቦታ ፎቶ ያለ ማስመሰል አልፈልግም። የአጎቴን ፊት ተዋናይ አይሠራውም። ያልነበረ ምስል አይለጠፍበትም። ፊልሙ ያለውን ብቻ ይዞ እንዲቆም እፈልጋለሁ፦ ድምፅ፣ እጅ፣ አገልግል፣ መንገድ። የጎደለውም ጎድሎ ይታይ።

እስቲ ምን ትላላችሁ?

ካሜራ ጓዳ

እህቴ፣ ታሪኩ ልብ ይነካል፤ እግዜር ለእማማ ጤናውን ይስጥልኝ። እኔ አዲስ አበባ ኤዲተር ነኝ፣ ሥራዬም ስለሆነ በግልጽ ልናገር። ተመልካች ባዶ ግድግዳ ለሁለት ደቂቃ አያይልሽም። ያንቺው ታጂሪ ራሷ ኮዳዋን ሠርታዋለች ብለሻል። እሷ ከሠራች አንቺን ምን ይከለክልሻል? አንድ ወጣት ከኋላው፣ ፊቱ ሳይታይ፣ በሕርማታ መንገድ ሲሄድ ብታሳዪ ማንም አይጎዳም። ዋሽንት ከሥሩ ትንሽ ታስገቢበታለሽ።

የሕርማታ ልጅ

ወንድሜ፣ ጥያቄህ ትክክለኛው ጥያቄ ነው።

ታጂሪ የሠራችው ምስል የሷ ነው። ራሷ ውስጥ የነበረውን አወጣችው። ሲታይም «ይህ ሆኗል» ብሎ አይመጣም፤ ደጋግሞ ይመጣል፣ ሳያልቅ ይቆረጣል፣ አንዴ እጅ ብቻ፣ አንዴ ውኃ ብቻ። ከየት እንደመጣም ትናገራለች። ተመልካቹ የልጅቷን ፍለጋ እንጂ የካምፑን ማስረጃ እንዳላየ ያውቃል። የወጣቱ ጀርባ ግን ማን ራስ ውስጥ ነበር? የኔ ራስ ውስጥ የለም። አጎቴን አላየሁትም። የአያቴን መሄድ ግን አያለሁ፤ ማንም ሳይነግረኝ አገልግል ይዛ ቁልቁል ስትወርድ ይታየኛል። የምሠራው ምስል ካለ ያ ነው፣ እኔው ራሴ አገልግሉን ይዤ፣ እኔ መሆኔ እየታወቀ።

ዋሽንቱን ግን ተወኝ። ሐዘን ሲነሣ ዋሽንት፣ ጀግና ሲነሣ ማሲንቆ ማስገባት ተመልካቹን ከማሰብ ያሳርፈዋል። አያቴ ስትናገር ከሥሯ ሙዚቃ እንዲሰማ አልፈልግም።

ቦሳ

እኔ ገና ተማሪ ነኝ፣ ከጅማ። እህቴ አሁን እኮ በሰው ሠራሽ አስተውሎት ፎቶ ማሠራት ይቻላል። የእናትሽንና የአያትሽን ፎቶ ብትሰጪው አጎትሽ ምን ይመስል እንደነበር ያወጣልሻል። በዚያ ላይ እማማ የልጃቸውን ፊት ቢያዩ ደስታው እንዴት ይሆን! ከልቤ ነው።

አዌቱ ማዶ

ቦሳ፣ ከልብህ እንደሆነ ይገባኛል፣ ስለዚህ ሳልቆጣ ልመልስልህ። እኔ ነርስ ነኝ፤ የመርሳት ሕመም ያለባቸውን አረጋውያን ስረዳ ዓመታት አልፈዋል። ያልከውን ነገር አታድርጉት።

እ.ኤ.አ. በ2002 ከኒውዚላንድ የወጣ በሰፊው የታወቀ ጥናት አለ። 20 ጤነኛ ጎልማሶችን ወስደው የልጅነት ፎቷቸውን አየር ላይ በሚወጣ ባሉን ውስጥ እንደነበሩ አድርገው በኮምፒውተር አቀናበሩት። ሰዎቹ በባሉን ተሳፍረው አያውቁም። ፎቶውን ደጋግመው እያዩ እንዲያስታውሱ ሲጠየቁ፣ ግማሾቹ ያልሆነውን ነገር በሙሉ ወይም በከፊል «አስታወሱ»። እንግዲህ እነዚህ ጤነኞች ናቸው። ማስታወሷ እየሳሳ ለሄደ እናት የማታውቀውን ወጣት ፊት «ልጅሽ ነው» ብለህ ብትሰጣት ምን እንደሚሆን አስበው። የቀረላትን አንድ ፊት ከራሷ ውስጥ ታስወጣባታለህ። ያ ፊት ደግሞ ከብዙ ሺህ የሌላ ሰው ፎቶ የተጨመቀ ነው።

የሕርማታ ልጅ፣ ላንቺም ጥያቄ አለኝ፣ ግን ወደ ማታ እመለሳለሁ፤ ተረኛ ነኝ።

ቦሳ

ገባኝ እህቴ፤ ጥናቱን አላውቅም ነበር። አመሰግናለሁ።

የድሮ ፎቶ ቤት

ልጆቼ እንደምን ዋላችሁ። ለኮምፒውተር ጽሑፍ እንግዳ ነኝ፤ የልጅ ልጄ ናት የምትጽፍልኝ። ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ዘመን መጨረሻ ጀምሮ ፎቶ ቤት ስሠራ የኖርኩ ሰው ነኝ፣ ጅማም ሠርቻለሁ።

ልጄ የተናገርሽው የማቃጠል ነገር የናንተ ቤት ብቻ አይደለም። ሰዎች ፎቶ ቤት ድረስ እየመጡ «ኔጌቲቩን ስጠን» ይሉ ነበር። አራት ሆነው የተነሡት ፎቶ በተለይ ያስፈራ ነበር፤ አንዱ ከተያዘ ሦስቱ ማን ናቸው ይባላል። አንዳንዱ ፎቶውን አያቃጥለውም፣ በመቀስ አንዱን ሰው ቆርጦ ያወጣዋል። ትከሻው ላይ የተጫነ እጅ ብቻ ይቀራል፣ የማን እንደሆነ የማይታወቅ። እንዲህ ያለ ፎቶ ዛሬም በየቤቱ አለ። ዘመድ ቤት ሄደሽ ስትጠይቂ «የአጎቴ ፎቶ አላችሁ?» አትበዪ፣ የላቸውም። «የተቆረጠ ፎቶ አላችሁ?» በያቸው።

ደግሞ ፎቶ ስታገኚ ጀርባውን አንብቢ። በዚያ ዘመን ፎቶ ለጓደኛ ይሰጥ ነበር፤ ከጀርባው «ለማስታወሻ ይሁንህ» ተብሎ ስምና ቀን ይጻፍበታል። የፎቶ ቤቱም ማኅተም አለው። አጎትሽ ለጓደኛው የሰጠው ፎቶ ካለ፣ ያ ጓደኛ አርቆ ደብቆት ይሆናል። በቤታችሁ የጠፋው በሰው ቤት ሊገኝ ይችላል። የክፍል ጓደኞቹን ፈልጊ። በሕይወት ያሉት ዛሬ ሽማግሌዎች ናቸው፣ አትዘግዪ።

መስታወት ላይ የተጣበቀ ፎቶ ካጋጠመሽ በፍጹም አትላጪው። የጅማ እርጥበት ፎቶውን ከመስታወቱ ጋር አንድ አድርጎታል፣ ቆዳው ተነሥቶ ይቀራል። ከነመስታወቱ ወደ ውጭ አውጥተሽ፣ በጥላ፣ ጥቁር ጨርቅ ከኋላሽ አንጠልጥለሽ አንሺው፤ ያኔ ነጸብራቁ ይጠፋልሻል።

የሕርማታ ልጅ

ጋሼ፣ እጅዎን እስማለሁ። የተቆረጠ ፎቶ ብዬ መጠየቅ በሕልሜም አልመጣልኝም። የልጅ ልጅዎንም ስለጻፈችልን አመስግኑልኝ። ዛሬውኑ እናቴ ዘንድ ደወልኩ፤ የሚያውቁት ሰው አጋሮ እንዳለ ነገረችኝ። ቅዳሜ እሄዳለሁ።

ድምፅ ብቻ

እኔ ድምፅ ቀጂ ነኝ። የምስሉን ክርክር ለናንተ ልተውና ስለ ጆሮ ልናገር፣ ምክንያቱም እንዲህ ዓይነት ፊልም የሚቆመው ወይም የሚወድቀው በድምፅ ነው። ምስል የለሽም ካልሽ ድምፅሽ መጽዳት አለበት።

ጅማ ዝናብ አገር ናት፤ ክረምት ላይ የቆርቆሮ ጣራ ሥር ቃለ መጠይቅ መቅዳት አይቻልም ማለት ይቀላል። ስለዚህ ንግግሩን ጠዋት ጠዋት ቅጂ፣ ሰማዩ ሳይጠቁር። ዝናቡን ደግሞ ለብቻው ቅጂው፣ ረጅም አድርገሽ፤ የአያትሽ ቤት ጣራ ድምፅ የሌላ ቤት ድምፅ አይደለም። አንድ ሰው ከተናገረ በኋላ ማንም ሳይንቀሳቀስ የክፍሉን ባዶ ድምፅ ቢያንስ አንድ ደቂቃ ያዢ። ይህንን ብዙ ሰው ይረሳዋል፣ ኤዲት ላይ ግን በየቃሉ መካከል የሚሞላልሽ እሱ ነው። አዛኑም ቅዳሴውም ሲሰማ አታቋርጪ፤ ጅማ ሁለቱንም ትሰማለች፣ ሰዓቱንም ይነግርሻል።

ሪከርደርሽን በ48 ኪሎ ኸርዝ፣ በ24 ቢት አድርጊው። ስልክ ብቻ ካለሽም ስልኩን ከካሜራው ጋር ሳይሆን ከአያትሽ አጠገብ አስቀምጪው፣ ነጠላዋ ሥር እንዳይገባ ብቻ ተጠንቀቂ። በደረት ማይክ አረጋውያን ይጨነቃሉ፤ ደጋግመው ይነኩታል። እኔ የጅማ ባለ ሦስት እግር በርጩማ አጠገባቸው አስቀምጬ ማይኩን እሱ ላይ ነው የማኖረው፤ የቤት ዕቃ ስለሆነ ይረሱታል።

አንድ ነገር ልጨምር። ሳሌም መኩሪያ ስለ ወንድሟና ስለ ቅርብ ጓደኛዋ በአብዮቱ ዘመን የሠራችውን ፊልም ያያችሁ ትኖራላችሁ። በራሷ ድምፅ ነው የምትናገረው፤ ተራኪ አልቀጠረችም። ሐዘኑን የሚሸከመው ያ ድምፅ ነው። የሕርማታ ልጅ፣ የራስሽን ድምፅ ለሌላ ሰው አትስጪ፤ «ድምፄ ለሬዲዮ አይሆንም» ብለሽም አታፍሪ።

ካሜራ ጓዳ

ስለ ድምፁ እስማማለሁ። ስለ ባዶ ግድግዳው ግን ገና ነኝ። ታማራ ዳዊት እ.ኤ.አ. በ2020 ያወጣችውን ፊልም ልጥቀስ፤ ስለ አክስቷ ሰላማዊት ነው፣ ኢሕአፓን ተቀላቅላ ስለጠፋችው። ቤተሰቡ ለዓመታት ስሟን አያነሣም ነበር። እዚያ ፊልም ውስጥ ፎቶ አለ፣ ቤተሰቡ በደንብ የተነሣ ቤተሰብ ነው። ስለዚህ ተመልካቹ የሚይዘው ፊት አለው። አንቺ ምንም ስለሌለሽ ነው የምጨነቀው፤ ላስቸግርሽ ብዬ አይደለም።

ሊሙ

ይቅርታ፣ ከመሃል ልግባ። ካሜራ ጓዳ፣ «በደንብ የተነሣ ቤተሰብ» ያልከው ነገሩን አወጣኸው። ፎቶ የነበረው ማን ነው? ከ1878 እስከ 1932 እ.ኤ.አ. ጅማን የገዙት ዳግማዊ አባ ጅፋር ፎቷቸው አለ፣ ጅሬን ላይ ቤተ መንግሥታቸው አለ፣ ዕቃቸው ሙዚየም ገብቷል። የኛ ጥያቄ ግን የሕርማታ ገበያ ላይ ቡና ስትሸጥ የኖረች ሴት ምን አላት የሚል ነው። ያቺ ሴት ፎቶ ስለሌላት ታሪክ የላትም ማለት ነው?

እኛ ቤት ከሊሙ ነን፣ ኦሮምኛ ነው የምንናገረው። አያቴ፣ አኮ ነው የምንላት፣ የአባቶቿን ስም ወደ ኋላ እየቆጠረች ልጅ እያለን ታስጠናን ነበር። ከስሙ ጋር የሰፈሩበትን ወንዝና ኮረብታ ትጨምርበታለች። አንድም ፊት አላየሁም፤ ሰዎቹን ግን አውቃቸዋለሁ። ስም ያለበት መሬት ፎቶ ከሌለው ሰው ጋር ያገናኛል። የሕርማታ ልጅ፣ አያትሽ ስንቅ ይዛ የሄደችበትን መንገድ ከቤት እስከዚያ ድረስ ሳትቆርጪ ቅረጪው። እሷ በምትሄድበት ፍጥነት ሂጂ። የት ታርፍ ነበር? ማን ቤት ውኃ ትጠጣ ነበር? የትኛው ቤት በሩን ይዘጋባት ነበር? ይህን የሚያውቅ ሰፈር ውስጥ ገና አለ።

ደግሞ ጄሲካ በሺር ሐረር ላይ በሠራችው «ፋያ ዳይ» ላይ፣ እ.ኤ.አ. በ2021 ሰንዳንስ የፊልም ፌስቲቫል ላይ የታየው ማለቴ ነው፣ ጥቁርና ነጭ ነው፣ ጭስና እጅ ይበዛበታል፣ ማንም ቀጥ ብሎ «ታሪኩ እንዲህ ነው» አይልም። በዓለም ዙሪያ ሰው ቁጭ ብሎ አይቶታል። ተመልካች አያይም የሚባለውን እኔ አልቀበልም።

ካሜራ ጓዳ

ይህ መልስ ነው። የመንገዱን ሐሳብ ወድጄዋለሁ፤ መንገዱ ካለ ግድግዳውን እተወዋለሁ።

አዌቱ ማዶ

ማታ እመለሳለሁ ያልኩት ይኸው።

የሕርማታ ልጅ፣ ጥያቄዬ ስለ ፈቃድ ነው። አያትሽ ካሜራውን ጠዋት ላይ ተስማምታ ከሰዓት በኋላ ማን እንደሆንሽ ልትጠፋባት ትችላለች። «አዎ ቅረጪኝ» ያለችው ሴትዮ ከሰዓት ላይ የለችም። በሕክምናው ፈቃድ አንዴ ተፈርሞ የሚያልቅ ነገር አይደለም፤ በየጊዜው በፊቷ፣ በእጇ፣ በአነጋገሯ ታነቢዋለሽ። ፊቷን ካዞረች፣ ነጠላዋን ወደ ፊቷ ከሳበች፣ እጇ መንቀጥቀጥ ከጀመረ ካሜራው ይዘጋ። እሷ ስታለቅስ የተቀረጸው ጥሩ ቢሆንም እንኳ።

ሌላው፣ «የልጁ ስንቅ ሄደ?» ስትል ምን ትመልሻለሽ? ብዙ ቤተሰብ «ልጅሽ እኮ ሞቷል» ብሎ ያርማል። ያን ጊዜ እናትየዋ መርዶውን እንደ አዲስ ትሰማለች፣ በየቀኑ። ታጂሪ ራሷ በኋላ፣ እናቷ ሮዝ በመርሳት ሕመም ስትያዝ፣ 16 ዓመት አብራት እየቀረጸች እ.ኤ.አ. በ2022 ሌላ ፊልም አውጥታለች። እናቷ ወደ ድሮ ዘመን ስትሄድ እየመለሰች ማረሟን ትታ ተከተለቻት። እንክብካቤ ላይ ያለን ሰዎችም የምንለው ይህንኑ ነው። መዋሸት አያስፈልግም፤ «ዛሬ ምን ሠርተሽለት ነበር?» ብለሽ ጠይቂያት።

ከሁሉም በላይ ግን፣ የእናትሽ እህቶችና ወንድሞች አሉ? አጎትሽ የነሱም ወንድም ነው። ታሪኩ እንዲወጣ የማይፈልግ ካለ ምን ታደርጊያለሽ?

የሕርማታ ልጅ

አዌቱ ማዶ፣ ጥያቄሽን ለሁለት ቀን ይዤው ሰነበትኩ፣ ሳልመልስ የቆየሁትም ስለዚያ ነው።

አክስቴ አትፈልግም። እሷ ያኔ ልጅ ነበረች፤ የመጨረሻውን ቀን ከአያቴ ጋር አብራ የሄደችው እሷ ናት። ስንቁ ሳይበላ ተመለሰ፣ ልብሱን ሰጧቸው። ከዚያ በኋላ ማንም ማብራራት አላስፈለገውም። ጅማ ብቻ አይደለም፣ በዚያ ዘመን በየከተማው ስንቅ ያመላለሱ ሰዎች ልብስ ሲሰጣቸው ምን እንደሆነ ያውቁ ነበር። አክስቴ ስለዚያ ቀን አትናገርም። «አንቺ ፊልም ትሠሪያለሽ፣ እኔ ሌሊት እንቅልፍ አይወስደኝም» አለችኝ።

ትናንት ማታ ቤቷ ሄጄ አብረን ራት በላን። ካሜራ አልያዝኩም። ያልኳት ይህን ነው፦ የመጨረሻውን ቀን አልነካም፣ ያ ቀን የሷና የአያቴ ነው። ፊልሙ ውስጥ ስንቁ ሲሄድ እንጂ ሲመለስ አይታይም። መንገዱን እቀርጻለሁ፤ በሩ ጋ ስደርስ አቆማለሁ። ሌላው ቃሌ፣ ፊልሙ ካለቀ በኋላ ማንም ሳያየው መጀመሪያ እነሱ ቤት፣ ግድግዳ ላይ፣ ቤተሰቡ ብቻ ያየዋል፤ «ይውጣ» ያሉት ይወጣል። ዝም አለች። ከዚያ ቆይታ ቆይታ መንገዱ ላይ የነበረ አንድ ቤት ነገረችኝ፣ ሊሙ የጠየቅከውን፤ አንዲት ሴት በሯ ላይ ቆማ ሁልጊዜ እንጎቻ ትጨምርላቸው ነበር፣ አገልግሉን ከፍታ። ስሟን አላውቅም ነበር፣ አሁን አወቅኩ፤ እዚህ ግን አልጽፈውም፣ ልጆቿ አሉ።

አያቴን በተመለከተ ማረሙን ትተናል። ትናንት ምን ሠራሽለት ስላት «ሽሮ፣ ቅቤ አልነበረም» አለች። እናቴ ይህን ሰምታ አታውቅም ነበር።

ለሊሙ ደግሞ፣ በአኮህ አቆጣጠር ቀናሁ። አያቴ በጉብዝናዋ ጊዜ ኦሮምኛና አማርኛ እያቀላቀለች ነው ያሳደገችን፣ አሁን ሕመሙ ከመጣ ወዲህ ኦሮምኛው ይበዛል። ስለዚህ የግርጌ ጽሑፉ በሁለቱም ይሆናል። ኦሮምኛዋን የሚያስተካክልልኝ የሊሙ ሰው ቢገኝ ደስ ይለኛል።

ሊሙ

እኔ አለሁ። እህቴም ታግዛለች፣ ከኔ ይልቅ ንግግሩን ጠንቅቃ የምታውቅ እሷ ናት። ገንዘብ አታንሺብን።

የድሮ ፎቶ ቤት

ልጄ፣ አጋሮ ሄድሽ ወይ? ምን አገኘሽ?

የሕርማታ ልጅ

ሄድኩ ጋሼ። ሰውየው የአጎቴ የክፍል ጓደኛ ናቸው። የተቆረጠ ፎቶ አላቸው፤ እርስዎ እንዳሉት፣ ትከሻቸው ላይ እጅ አለ። የአጎቴ እጅ ይሁን የሌላ ጓደኛ፣ እርግጠኛ አይደሉም፤ «ከሁለቱ የአንዱ ነው» አሉኝ። ከጀርባው የፎቶ ቤቱ ማኅተም አለ፣ ጽሑፍ የለበትም።

ፊልሙ ውስጥ ይገባል። ግን «የአጎቴ እጅ» ብዬ አልናገርም። ሰውየው ራሳቸው ፎቶውን ይዘው «ከሁለቱ የአንዱ ነው» ሲሉ ነው የሚሰማው፤ የሁለተኛው ልጅ ቤተሰብም አለ፣ የነሱም ሊሆን ይችላል። እነሱን ማፈላለግ ጀምሬያለሁ። ከቻልኩ ቅጂውን እሰጣቸዋለሁ።

ድምፅ ብቻ

ሰውየው ሲናገሩ በደንብ ቀድተሻል?

የሕርማታ ልጅ

በርጩማው ላይ። ባዶውን ክፍልም ይዣለሁ፣ ከአንድ ደቂቃ በላይ።

ቦሳ

እህቴ፣ ካሜራ የሚይዝ ወይም ሰው የሚያርቅ ልጅ ካስፈለገሽ እኔ መንገዱን ስትቀርጪ ልምጣ። ትምህርት የለኝም ቅዳሜና እሑድ።

የሕርማታ ልጅ

ና። ግን ጎማ ያለው ጫማ አድርግ፤ ጭቃ ነው፣ ቁልቁለትም አለው። አያቴ በባዶ እግሯ ነበር የምትወርደው፣ እኔ አልችልበትም።

ካሜራ ጓዳ

ሥራሽን ልይልሽ እፈልጋለሁ፣ በነፃ። የስልኩ ምስልና የአሮጌዋ ካሜራ ምስል አይመሳሰልም ብለሽ እንዳትጨነቂ፤ ሊን ሳክስ ስለ አባቷ የሠራችው ፊልም እ.ኤ.አ. ከ1984 እስከ 2019 የተቀረጸ ነው፣ ከ8 ሚሊ ሜትር ፊልም እስከ ዲጂታል ሁሉም አለበት፤ የዘመኑ ልዩነት በምስሉ ላይ ይነበባል። ስለዚህ ቀለሙን ለማመሳሰል አንታገልም። ሁሉንም ፋይል በሁለት ሃርድ ዲስክ ገልብጪ፣ ሦስተኛ ቅጂ ደግሞ ከቤትሽ ውጭ ይቀመጥ፣ ያንን ሳታደርጊ ምንም አትላኪልኝ። አንዱን ዲስክ በሚመጣ ሰው እጅ ስጪ። አክስትሽ አይታይ ያለችውን ነገር ግን ቀድመሽ አውጪው፤ እኔም ማየት የለብኝም።

የሕርማታ ልጅ

ሦስተኛው ቅጂ አክስቴ ቤት ይቀመጣል፣ እሷው ናት ያለችው። ዲስኩ በሚቀጥለው ሳምንት ይደርስሃል። የመጀመሪያው ፋይል መንገዱ ነው፣ ከቤት እስከ በሩ፣ ምንም አልተቆረጠም፤ መጀመሪያ ያለ ድምፅ፣ ቀጥሎ ድምፁን ብቻ፣ ከዚያ አብረህ እየውና የት ቦታ ላይ ዓይንህ እንደደከመ ጻፍልኝ።